ከመጫኑ በፊት ያሉት ደቂቃዎች

(በቱሉ ዲምቱና በኮዬ ፈጬ ለሚኖሩ የእድር አባላት፣ ለባጃጅ ሹፌሮችና ለግንባታ ሠራተኞች ስለ መጀመሪያ እርዳታ የተደረገ ንግግር፣ ለንባብ እንዲመች ሆኖ የተጻፈ)

እንደምን ዋላችሁ።

ሰፈር ውስጥ ሰው ድንገት ሲወድቅ መጀመሪያ የሚሰማው ጩኸት «መኪና! መኪና ጥሩ!» የሚል ነው። ቀጥሎ «ውሃ አምጡ!» ይባላል። ሁለቱም ከደግነት የመጡ ናቸው። ራሱን ለሳተ ሰው ውሃ ማጠጣት ግን ወደ ሳንባው ማፍሰስ ስለሆነ ውሃውን ከዛሬ ጀምሮ እንርሳው። መኪናው ያስፈልጋል። እኔ የምናገረው መኪናው እስኪመጣና ሰውየው እስኪጫን ስላሉት ደቂቃዎች ነው፤ ብዙ ሰው የሚያልቅብን እዚያ ውስጥ ነውና።

አየር የተዘጋበት ሰው ከ4 እስከ 6 ደቂቃ ባለው ጊዜ አንጎሉ መጎዳት ይጀምራል። የታፋው ትልቁ የደም ሥር የተቆረጠ ሰው በ3 ወይም በ5 ደቂቃ ሊሞት ይችላል። የአንድ አዋቂ ሰው ጠቅላላ ደም 5 ሊትር ገደማ ነው፣ የጀሪካን ሩብ ማለት ነው። ከቱሉ ዲምቱ ተነስቶ ቃሊቲን አልፎ ጥቁር አንበሳ ወይም አቤት ሆስፒታል ለመድረስ ጠዋት 1 ሰዓት ተኩል ላይ ምን ያህል እንደሚፈጅ ከእኔ ይልቅ እናንተ ታውቁታላችሁ። ቀረብ የሚለው ጥሩነሽ ቤጂንግ እንኳ በ4 ደቂቃ አይደረስም። አምቡላንስ ቢመጣም፣ ሚኒባስ ቢገኝም፣ አየሩንና ደሙን የሚይዘው በቦታው የተገኘ ሰው ነው።

ስልኩን ቶሎ እንጨርሰው። የቀይ መስቀል አምቡላንስ 907፣ የእሳትና አደጋ 939። የሚደውለው ሰው ተጠቁሞ ይታዘዝ። «አንድ ሰው ይደውል» ከተባለ ሁሉም ሌላው የደወለ ይመስለዋል። «አንቺ፣ ሰማያዊ ሹራብ የለበስሽው፣ 907 ደውዪ፤ ስፒከር ላይ አድርጊው» ነው የሚባለው። አድራሻ ሲጠየቅ «ሚካኤል ጋ ነን» አይበቃም፣ ሚካኤል ብዙ ነው። የሳይቱ ስም፣ የብሎኩ ቁጥር፣ ስንተኛ ፎቅ፣ ከአስፋልቱ የሚታጠፍበት ምልክት። አንድ ወጣት አስፋልቱ ዳር ወጥቶ ይቁም፤ ማታ ከሆነ የስልኩን መብራት ያብራ።

ከመጠጋታችሁ በፊት ዙሪያውን እዩ። እዚህ ግንባታ ስለሚበዛ ሁለት ነገር ብቻ ላንሳ። በኤሌክትሪክ የተያዘ ሰው ብሬከሩ ሳይወርድ አይነካም። ከምሰሶ የተበጠሰ ሽቦ ከሆነ ደግሞ በደረቅ እንጨት ማላቀቅ የሚባለው ነገር አይሠራም፤ ቢያንስ 10 ሜትር ርቃችሁ መስመሩ እስኪጠፋ ጠብቁ። ሁለተኛው የሽንት ቤት ጉድጓድ ነው። የገባው ሰው ድምፁ ሲጠፋ ወንድሙ ይከተለዋል፤ ወንድሙን ጓደኛው። ውስጡ ኦክስጅን አልቆ መርዛማ ጋዝ ስለሚተኛበት ጥቂት ትንፋሽ ይበቃል። አፉ ላይ እርጥብ ጨርቅ ያሰረ ሰውም አይተርፍም። ማንም አይግባ፤ 939 ይደወል።

አሁን ወደ ሰውየው እንምጣ። ደም እየተረጨ ከሆነ መጀመሪያ ደሙ። ካልሆነ መጀመሪያ አየሩ።

ከደሙ ልጀምር። ልብስ ላይ የፈሰሰው ደም ብዛት አያስደንግጣችሁ፤ ከራስ ቆዳ የሚወጣ ደም ብዙ ጊዜ ከጉዳቱ በላይ ያስፈራል። የሚያሰጋው እየተረጨ የሚወጣው፣ ወይም ሳያቋርጥ እየፈሰሰ መሬት ላይ የሚጠራቀመው ነው። ጓንት ከሌለ እጃችሁ ላይ ፌስታል አጥልቁ። ቁስሉን አንድ ጊዜ ገልጣችሁ ደሙ በትክክል ከየት እንደሚመነጭ እዩ፤ ከዚያ ንጹህ ጨርቅ አድርጋችሁ እዚያው ነጥብ ላይ፣ ክንዳችሁን ቀጥ አድርጋችሁ፣ በሰውነታችሁ ክብደት ተጫኑ። 10 ደቂቃ፣ በሰዓት ተይዞ። በየመሀሉ «ቆመ ወይ?» እያሉ ጨርቁን መግለጥ መርጋት የጀመረውን ደም መንቀል ነው፤ እንደገና ከዜሮ ትጀምራላችሁ። ቡና፣ አፈር፣ ቤንዚን አይደረግም። የቡና ዱቄት ስም ያተረፈው ትንሽ ቁስል በራሱ ጊዜ ስለሚቆም ነው፤ ለትልቁ ምንም አይፈይድም፣ ቀዶ ሐኪሙን ግን ቁስል ሲያጥብ ያውለዋል።

እጅ ወይም እግር ላይ ሆኖ በመጫን ካልቆመ፣ ወይም ብረት መቁረጫ ማሽን እጅ ቆርጦ የሚጫንበት ቦታ ከጠፋ፣ ይታሰራል። ሐኪም ቤት ቱርኒኬት የሚሉት ነው። ፋብሪካ የሠራው ካለ እሱ ይሻላል። ከሌለ የሚያስፈልገው ነጠላና ማማሰያ ነው። ነጠላውን አጥፋችሁ ስፋቱ ቢያንስ 5 ሴንቲ ሜትር የሆነ መቀነት አውጡ። ከቁስሉ በላይ፣ ወደ ልብ አቅጣጫ፣ አራት ጣት ያህል ከፍ አድርጋችሁ ሁለት ጊዜ ጠምጥሙት። መገጣጠሚያ ላይ አይታሰርም፤ ጉልበት ወይም ክርን ላይ ከደረሰ ከእሱ በላይ እለፉ። አንድ ቋጠሮ ቋጥሩ፤ ቋጠሮው ላይ 15 ወይም 20 ሴንቲ ሜትር የሚሆን፣ የአውራ ጣት ውፍረት ያለው እንጨት አስቀምጡ፤ የማማሰያ እጀታ ለዚህ የተሠራ ይመስላል። እላዩ ላይ ሁለተኛውን ቋጠሮ አጥብቁና እንጨቱን አዙሩ። ደሙ እስኪቆም ድረስ። ሰውየው ይጮሃል፤ ከባድ ሕመም አለው። ሕመሙ በትክክል መታሰሩን እንጂ ስህተትን አያሳይም። ሲቆም እንጨቱ እንዳይፈታ ጫፉን በሌላ ጨርቅ ከእግሩ ጋር እሰሩትና የታሰረበትን ሰዓት በእስክሪብቶ ግንባሩ ላይ ጻፉ።

እርሳስ ይሰበራል። የሱሪ ቀበቶ ወፍራም ስለሆነ አይጠመዘዝም። የኤሌክትሪክ ገመድና ሲባጎ ቀጭን ስለሆኑ ሥጋውን ይቆርጣሉ። ከሁሉ የከፋው ግን ልል አድርጎ ማሰር ነው። ደም ወደ ልብ የሚመልሱት ሥሮች ላይ ላዩን ስላሉ በትንሽ ግፊት ይዘጋሉ፤ ከልብ የሚያመጣው ሥር ግን ጥልቅና ጠንካራ ስለሆነ ክፍት እንደሆነ ይቀራል። ደም ይገባል፣ መመለሻ የለውም፣ በቁስሉ ይወጣል። ልል የታሰረ ሰው ካልታሰረው ይልቅ ብዙ ደም ይፈሰዋል። እንዲሁም «ደም ይዙርለት» ብሎ በየ15 ደቂቃው መፍታት የድሮ ምክር ነው፤ በየፍቺው የሚያመልጠው ደም ተደምሮ ይገድላል። ጥብቅ እስር ለ2 ሰዓት ያህል እጅና እግርን አያበላሽም፤ እስከዚያ ሐኪም ዘንድ ይደርሳል። የሚፈታውም እሱ ነው።

ብሽሽትና ብብት አይታሰሩም። እዚያ ንጹህ ሻሽ ወይም የነጠላ ጥብጣብ በጣት እየገፉ ቁስሉ ውስጥ መጠቅጠቅ ነው፣ ጥልቁን እስኪሞላ፤ ከዚያ ላዩን ለ10 ደቂቃ መጫን። ደረትና ሆድ ግን አይጠቀጠቁም። ፌሮ የወጋው ሰው ፌሮው አይነቀልም፤ ብረቱ ራሱ ቀዳዳውን ደፍኖ ይዟል። በዙሪያው ጨርቅ ጠቅልላችሁ እንዳይነቃነቅ አድርጉ፤ ረጅም ከሆነና ካላስጫነ ከሰውነቱ ራቅ ብሎ ይቆረጣል።

ደም ያፈሰሰ ሰው ይበርደዋል። ብርዱ ደም እንዳይረጋ ያደርጋል፤ ስለዚህ ጋቢው የሚደረበው ለእዝነት ብቻ አይደለም። ከሥሩም ይነጠፍለት፣ የሲሚንቶ ወለል ሙቀት ይመጥጣል። ከንፈሩ ከነጣ፣ ላቡ ከቀዘቀዘ፣ መቃዠት ወይም መቆጣት ከጀመረ ብዙ ደም አጥቷል፤ ውጭ ላይ ደም ባይታይም ሆዱ ውስጥ ሊፈስ ይችላል። ውሃ ይለምናል፣ አጥብቆ ይለምናል። ከንፈሩን አርጥቡለት እንጂ አታጠጡት፤ ቀዶ ጥገና ሊገባ ይችላል፣ ማደንዘዣ ሲሰጠው በሆዱ ያለው ወደ ሳንባው ይመለሳል።

ወደ አየሩ ልምጣ። ተንበርከኩ፤ ሁለቱን ትከሻዎች ይዛችሁ ጮክ ብላችሁ ጥሩት። መልስ ከሌለ አንድ እጃችሁን ግንባሩ ላይ፣ የሌላውን እጅ ሁለት ጣት የአገጩ አጥንት ሥር አድርጋችሁ ራሱን ወደ ኋላ ቀና አድርጉት። ራሱን የሳተ ሰው ምላሱ ላልቶ ወደ ኋላ ይወድቅና ጉሮሮውን ይደፍናል፤ አገጩ ሲነሳ ምላሱም አብሮ ይነሳል። ማንኪያም ቁልፍም አፍ ውስጥ አይገባም። ጆሯችሁን አፉ አጠገብ፣ ዓይናችሁን ደረቱ ላይ አድርጋችሁ ለ10 ሰከንድ አዳምጡ፤ ከዚያ አትለፉ።

እዚህ ላይ ሁለት ድምፆች ሰውን ያታልላሉ። አንዱ ማንኮራፋት ነው። የወደቀ ሰው ሲያንኮራፋ «ተኝቷል፣ ተዉት ይረፍ» ይባላል፤ ጉሮሮው በግማሽ ተዘግቶ ነው የሚያንኮራፋው። አገጩን ስታነሱ ድምፁ ይጠፋል። ሁለተኛው አልፎ አልፎ፣ ረጅም ጊዜ እየቆየ፣ አፉን ከፍቶ አየር የሚጎትተው ነው። «ይተነፍሳል!» ተብሎ ይተዋል። ይህ ትንፋሽ አይደለም፤ ልቡ ከቆመ በኋላ የሚመጣ የመጨረሻ ማቃሰት ነው፣ ደረቱ ወዲያው መጫን አለበት።

በደንብ የሚተነፍስ ከሆነ ወደ ጎኑ ይተኛ። ወደ እናንተ ያለውን እጁን ወደ ላይ አጥፉት፤ የሌላውን እጁን ጀርባ ጉንጩ ሥር አድርጋችሁ ያዙ፤ የዚያኛውን ወገን ጉልበት አጥፋችሁ ወደ እናንተ ሳቡት። ሰውነቱ ይዞራል። አፉ ወደ መሬት ያዘነበለ ይሁን፣ ትውከትም ደምም ወደ ውጭ ይወርዳል።

የባጃጅ ሹፌሮች፣ ይህን የምለው በተለይ ለእናንተ ነው። ባጃጅ ውስጥ የሚጫን ሰው አይዘረጋም። ከኋላ በሁለት ሰው መካከል ይቀመጥና አንገቱ ይንጠለጠላል፣ አገጩ ደረቱን ይነካል፤ ያ ማለት ጉሮሮው ታጥፏል። ከቤቱ ሲነሳ ይተነፍስ የነበረ ሰው ጤና ጣቢያ በር ላይ «መንገድ ላይ አለፈ» ይባላል። መንገዱ ሳይሆን አቀማመጡ ሊሆን ይችላል። ነቅቶ የሚያወራ ሰው በባጃጅ ይሂድ። ራሱን የሳተ ሰው በተቻለ መጠን በፒካፕ፣ በባዶ ሚኒባስ ወለል ወይም በአይሱዙ ላይ በጎኑ ይጫን። ከባጃጅ በቀር ምንም ከሌለ አንድ ሰው ከጎኑ ተቀምጦ ሌላ ሥራ አይኑረው፤ ሁለት እጁን መንጋጋው ላይ አድርጎ እስከ በሩ ድረስ ፊቱን ወደ ፊት ቀና አድርጎ ይያዝ። ስልክ አይመልስ፣ ዘመድ አያጽናና። ሹፌሩም ይህን ሰው ሳይዝ አይነሳ።

ከባሕር ዛፍ መወጣጫ ወይም ከፎቅ የወደቀ፣ መኪና የገጨው ሰው ደግሞ አከርካሪው ሊጎዳ ስለሚችል እጅና እግሩ ተይዞ አይንጠልጠል። አራት ሰው ይበቃል። አንዱ ራሱን በሁለት እጁ ከትከሻው ጋር በአንድ መስመር ይያዝ፣ ትዕዛዙም ከእሱ ብቻ ይውጣ፦ «በሦስት፤ አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት»። ሦስቱ በትከሻ፣ በዳሌና በጉልበት ይዘው እንደ አንድ አካል ወደ ጎን ያዙሩት፤ ቃሬዛ ወይም ሳንቃ ከሥሩ ይግባ። የግንባታ ቦታ ሳንቃ አያጣም፤ ሚስማሩን ግን አስቀድማችሁ እዩ። አንገቱ ተጎድቶ ይሆናል ብላችሁ የማይተነፍሰውን ሰው እንዲታፈን አትተዉት። ራሱን ቀና ከማድረግ ይልቅ በሁለት እጅ የመንጋጋውን ማዕዘን ወደ ፊት መግፋት ይቻላል። እሱ ካልሠራ ራሱን ቀና አድርጉት፤ አየር ከአንገት ይቀድማል።

የማይመልስና የማይተነፍስ ሰው ልቡ ቆሟል ብላችሁ ጀምሩ። የልብ ምት ፍለጋ አንገት መዳበስ ባለሙያንም ያሳስታል። ከፍራሽ አውርዱት፤ ስፖንጅ ላይ ስትጫኑ የሚሰምጠው ስፖንጁ ነው። የመዳፋችሁን ሥር የደረቱ መሃል ላይ፣ በአጥንቱ ታችኛው ግማሽ አድርጉ፣ ሌላውን እጅ እላዩ። ክርናችሁ አይታጠፍ፣ ትከሻችሁ ከእጃችሁ በላይ ይሁን። ለአዋቂ ከ5 እስከ 6 ሴንቲ ሜትር፣ በደቂቃ ከ100 እስከ 120 ጊዜ። 30 ጊዜ ለመጫን ከ15 እስከ 18 ሰከንድ ከፈጀባችሁ ልክ ናችሁ። በየመሀሉ ደረቱ ሙሉ በሙሉ ይነሳ፤ ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ነው። ሲደክመው ተደግፎ ይቀራል፣ ልቡ የሚሞላበት ጊዜ ያጣል። በ2 ደቂቃ ተቀያየሩ፤ ከባሕር ጠለል በላይ ከ2,000 ሜትር በሚበልጥ ከፍታ ላይ ነን፣ ጎበዝ ነኝ የሚለውም ይደክማል። የጎድን አጥንት ሲሰነጠቅ ብትሰሙ አታቁሙ።

የሠለጠነ ሰው ከ30 ጊዜ በኋላ 2 ትንፋሽ ይሰጣል፤ አፍንጫውን ይዞ፣ ደረቱ እስኪነሳ ብቻ። ያልሠለጠነ ወይም የማያውቀውን ሰው አፍ የሚፈራ ለአዋቂ በመጫን ብቻ ይቀጥል። ለሕፃናት፣ ውሃ ለወሰደውና ለታፈነ ሰው ግን ትንፋሹ ግድ ነው፤ የእነሱ ልብ የቆመው አየር አጥቶ ነውና። ከ1 ዓመት በታች ያለ ሕፃን ደረቱ በሁለት እጅ ታቅፎ በሁለት አውራ ጣት ይጫናል፣ ወደ 4 ሴንቲ ሜትር። እውነቱን ልናገር፦ ልብ ማስነሻ የኤሌክትሪክ መሣሪያ በሌለበት ሰፈር ደረት በመጫን ብቻ የሚነሳው ሰው ጥቂት ነው። መጫኑ ለአንጎል ደም እያቀበለ ጊዜ ይገዛል። ስለዚህ ለዚህ ንግግር ብዙውን ጊዜ የሰጠሁት ለደሙና ለአገጩ ነው፤ ትርፉ እዚያ ይበልጣል።

ትን ያለው ሰው እያሳለ ከሆነ ይሳል፤ ጀርባውን አትምቱት፣ ውሃም አትስጡት። ማሳልና መናገር ካቃተው ወደ ፊት አጎንብሱት፣ በሁለቱ ትከሻ አጥንቶች መካከል 5 ጊዜ በመዳፍ ሥር ምቱ። ካልወጣ ከኋላው ቆማችሁ፣ ጡጫችሁን ከእምብርቱ ትንሽ ከፍ አድርጋችሁ ወደ ውስጥና ወደ ላይ 5 ጊዜ ሳቡት፤ እየተፈራረቀ ይቀጥላል። ነፍሰ ጡር ከሆነች ደረቷ ላይ። ከ1 ዓመት በታች ሕፃን ሆዱ አይነካም፦ ክንዳችሁ ላይ ፊቱን ወደ ታች አድርጋችሁ 5 ጊዜ ጀርባ፣ ገልብጣችሁ 5 ጊዜ በአንድ እጅ መዳፍ ሥር ደረት። የማታዩትን ነገር በጣት ፍለጋ አትግቡ፤ ቆሎው ይበልጥ ወደ ውስጥ ይገባል።

ከሰል። ክረምት ሲመጣ በሩን ዘግቶ መሞቅ አለ፤ አዲሶቹ ቤቶች ደግሞ መስኮታቸው ይገጥማል። «ከቀላ በኋላ ጭስ የለውም» ይባላል። ጭሱ ቢጠፋም ሽታም ቀለምም የሌለው ጋዝ ይወጣል፤ ደም ውስጥ የኦክስጅንን ቦታ ይይዛል። ቤተሰቡ ሁሉ በአንድ ጠዋት ራስ ምታትና ማቅለሽለሽ ካለው ጉንፋን አይደለም። በሩን ከፍታችሁ፣ ትንፋሻችሁን ይዛችሁ ገብታችሁ ሰዎቹን አውጡ፤ ከሰሉን ቆይታችሁ። ሎሚ ማሽተትና ወተት ምንም አያደርጉም። ጋዙ በተራ አየር ከደም ግማሹ እስኪወጣ 4 ወይም 5 ሰዓት ይፈጅበታል፣ በጭንብል በሚሰጥ ብዙ ኦክስጅን ግን 1 ሰዓት ተኩል ገደማ፤ ስለዚህ «ተሻለኝ» ያለውም ሐኪም ይየው። ጤና ጣቢያ ስትደርሱ «ከሰል ነበር» በሉ። ጣት ላይ የሚሰካው የኦክስጅን መለኪያ ይህን ጋዝ ከኦክስጅን አይለይም፤ ሰውየው እየታፈነ 98 ያሳያል፣ ያላወቀ ባለሙያ ወደ ቤት ሊመልሳችሁ ይችላል።

ቃጠሎ ላይ የሚያስፈልገው ቀዝቃዛ ውሃ ለ20 ደቂቃ ነው፤ ከተቃጠለ እስከ 3 ሰዓት ድረስ ይጠቅማል። የጥርስ ሳሙና፣ እንቁላል፣ ቅቤ፣ ሊጥ ሙቀቱን ቆዳ ውስጥ ከማፈንና ቁስሉን ከመበከል በቀር ፋይዳ የላቸውም። «ውሃው በፈረቃ ነው፣ ከየት እናመጣለን?» ትሉኛላችሁ። አንድ ጀሪካን 20 ሊትር ይበቃል። ከሥሩ ንጹህ ሳፋ አድርጋችሁ በደቂቃ አንድ ጣሳ፣ ቀስ እያላችሁ አፍስሱ፤ ካለቀ ከሳፋው መልሳችሁ ቅዱ። በረዶ አታድርጉ። ሕፃን ከሆነ የቀረውን ሰውነቱን ጠቅልሉት፣ ቃጠሎውን ስታቀዘቅዙ ልጁ እንዳይበርደው። ቀለበትና አምባር ከማበጡ በፊት ይውለቅ፣ የተጣበቀ ልብስ ይቀር። ከዚያ አዲስ ስስ ፌስታል ሳታጠብቁ አልብሱት።

የሚጥል በሽታ ላይ ክብሪት አይጫርም። የክብሪት ጭስ ሕመሙን አያቆምም፤ መንቀጥቀጡ በ2 ወይም በ3 ደቂቃ ራሱ ይቆማል፣ ክብሪቱ ምስጋናውን ይወስዳል። የክብሪት ጠባሳ አፍንጫቸው ላይ የቀረ ሰዎች አሉ። ራሱ ሥር ጋቢ አድርጉ፣ ዙሪያውን አጽዱ፣ ሰዓት ያዙ፣ ሲያቆም ወደ ጎን አስተኙት። 5 ደቂቃ ካለፈ ወይም ሳይነቃ ከደገመው ሆስፒታል። የስኳር ሕመምተኛ አላበው፣ ተንቀጠቀጠ፣ ግራ ተጋባ ከተባለና መዋጥ ከቻለ 3 ወይም 4 የሻይ ማንኪያ ስኳር በውሃ ስጡት። ፊቱ የተጣመመ፣ አንድ እጁ የዛለ፣ ንግግሩ የተኮላተፈ ሰው ምንም አይብላ፣ የጎረቤት የደም ግፊት ክኒንም አይስጡት፤ ሕመሙ የጀመረበትን ሰዓት ብቻ ያዙ፣ ሐኪሙ የመጀመሪያ ጥያቄው እሱ ነው። በረኪና ወይም የተባይ መድኃኒት የጠጣ ልጅ እንዲያስታውክ አይደረግ፣ ሲወርድ ያቃጠለው ሲመለስም ያቃጥላል፤ ወተትም አይስጡት። ዕቃውን ይዛችሁ ሂዱ። በሃይላንድ ውስጥ በረኪና ማስቀመጥ ግን ዛሬ ማታ ይቁም።

አሁን ስለ መማሩ። አንድ ቀን ተቀምጦ ሰርተፍኬት ይዞ መሄድ የተለመደ ነው። ደረት የመጫን ችሎታ ግን ካልተደገመ ከ3 እስከ 6 ወር ባለው ጊዜ ውስጥ ይከዳል፣ ሰርተፍኬቱ ግድግዳ ላይ ቢኖርም። ቀይ መስቀል ሥልጠና ይሰጣል፣ ተጠቀሙበት። ከዚያ በኋላ እድሩ በየወሩ ሲሰበሰብ 15 ደቂቃ ይስጥ፤ አንድ ወር ማሰር፣ አንድ ወር ወደ ጎን ማዞር፣ አንድ ወር መጫን። አሻንጉሊት ባይኖር ማዳበሪያ ከረጢት በጨርቅ ጠቅጥቆ ወለል ላይ በማድረግ ፍጥነቱንና ክንድ ቀጥ ማድረጉን መለማመድ ይቻላል። ማሰሩን ደግሞ እርስ በርሳችሁ፣ በሰዓት ያዙት፤ ከ1 ደቂቃ በላይ የሚፈጅበት ሰው ይድገም። ለልምምድ ደም እስኪቆም አታጥብቁ እንጂ።

እድራችን ድንኳን፣ ወንበርና ብረት ድስት አለው፤ አንድ የእርዳታ ቦርሳ ቢጨምር አይከብደውም። ውስጡ ጓንት 10 ጥንድ፣ ባለ 10 ሴንቲ ሜትር ፋሻ 6፣ ሻሽ ብዙ፣ ቱርኒኬት 2፣ ልብስ የሚቆርጥ መቀስ፣ የትንፋሽ መስጫ ጭንብል፣ የማይለቅ ማርከር፣ የእጅ ባትሪ። አልኮልና አዮዲን ሆን ብዬ ትቻቸዋለሁ፣ በከባድ ቁስል የሚገድለው ጀርም ሳይሆን ደሙ ነው። ቦርሳው የሊቀመንበሩ ቤት ተቆልፎ ከተቀመጠ ግን አልተገዛም ማለት ነው። ማታም ክፍት የሆነ ሱቅ ወይም የጥበቃ ክፍል ይሁን።

ሆስፒታል በር ላይ የሚጠይቃችሁ ነርስ የሚፈልገው አጭር ነገር ነው፦ ምን ሆነ፣ ስንት ሰዓት፣ ስታገኙት ይመልስ ነበር ወይ፣ ምን አደረጋችሁለት፣ ምን መድኃኒት ይወስዳል። የክኒኑን ማሸጊያ ይዛችሁ ኑ። ተራው በአመጣጥ ቅደም ተከተል ሳይሆን በሕመሙ ክብደት ስለሆነ፣ በቀይ የተመደበ ሰው ከእናንተ በኋላ መጥቶ ቢቀድማችሁ አትጣሉ።

ከተነሱት ጥያቄዎች ሁለቱን እዚህ እጨምራለሁ። «ብረዳውና ቢሞት እጠየቃለሁ ወይ?» የተባለው ፍርሃት በየሰፈሩ አለ። የወንጀል ሕጋችን በአንቀጽ 575 የሚቀጣው ሕይወቱ ከባድ አደጋ ላይ የወደቀን ሰው፣ በራሱ ላይ አደጋ ሳይመጣበት መርዳት እየቻለ ሆን ብሎ ትቶት የሄደውን ነው። ለመኪና አደጋ ተጎጂ ደግሞ በ2005 ዓ.ም. የወጣው የሦስተኛ ወገን መድን አዋጅ ቁጥር 799 አስቸኳይ ሕክምና እንዲያገኝ ደንግጓል፤ «ገንዘብ ካላመጣችሁ» የሚል ክርክር ሲነሳ ይህን ጥቀሱ።

ሁለተኛው የአንድ ባጃጅ ሹፌር ነው፦ «ደሙ ከነካኝስ?» ያልቆሰለ ቆዳ ላይ ከሆነ በውሃና በሳሙና መታጠብ ይበቃል። ዓይን ውስጥ ከገባ በብዙ ውሃ ይታጠብ። በስለት ከተወጋችሁ ወይም ቁስላችሁ ላይ ከፈሰሰ፣ ሰውየውን ካደረሳችሁ በኋላ እዚያው ሆስፒታል ንገሯቸው፤ ኤችአይቪን የሚከላከል መድኃኒት በ72 ሰዓት ውስጥ መጀመር አለበት፣ በቶሎ ሲጀመር ይበልጥ ይሠራል፣ ለ28 ቀን ይወሰዳል። ባጃጁን ለማጽዳት መጀመሪያ ደሙን በጨርቅ ጥረጉ፤ ከዚያ ባለ 5 በመቶ በረኪና 1 እጅ በ9 እጅ ውሃ በጥብጣችሁ ወንበሩ ላይ 10 ደቂቃ አቆዩትና አጥቡት።